ከፊደል በላይ ያለው ፊደል
ስለ ያሬዳዊ ዜማ ምልክትና ስለ ማስታወስ ጥበብ

የቤተ ክርስቲያንን የዜማ መጽሐፍ፣ የድጓን ብራና፣ ገልጦ የሚያይ ሰው፣ ግዕዝን ጠንቅቆ የሚያውቅ እንኳ ቢሆን፣ በገጹ ላይ ያለውን ሁሉ አነበብሁ ለማለት አይደፍርም። ንባቡ እንደ ማናቸውም መጽሐፍ ከግራ ወደ ቀኝ ይሄዳል፤ የበዓሉና የቅዱሱ ስም በቀይ ቀለም ይለያል፤ ጽሕፈቱም የዓመቱ ማኅሌት ሁሉ በአንድ ጥራዝ ይጠቃለል ዘንድ ደቂቅና ጥቅጥቅ ያለ ነው። ነገር ግን በመሥመርና በመሥመር መካከል፣ ከየቃሉ ራስ በላይ፣ ከንባቡ ያነሰ ሌላ ፊደል ሰፍሮ ይታያል፤ አንዳንዱ ነጠላ ሆሄ፣ አንዳንዱ ሁለትና ሦስት ሆሄ ሆኖ፣ በአጠገቡ ነጥብ ወይም ጭረት ወይም የጎበጠ መሥመር ተጨምሮበት፣ ከታቹ ንባብ ጋር ቢያያይዙት ምንም ዐረፍተ ነገር የማይሆን ጽሕፈት ነው። ሊቃውንቱ ይህን ምልክት ይሉታል። ሥራውም አንድ ብቻ ነው፤ በዘማሪው ልቡና አስቀድሞ የተከማቸውን ዜማ፣ በሚፈለግበት ቃልና በሚፈለግበት ሰዓት፣ ከተኛበት መቀስቀስ።

ድምፅንና ፊደልን አገናኝቶ የተከማቸን ትዝታ መልሶ የማውጣት ጥበብ ሰዎች በልብ ወለድና በተረት ሲመኙት የኖሩት ነገር ነው። በአገራችን ግን ይህ ጥበብ መጻሕፍቱ ተጽፈውለት፣ መምህራኑ ተሾመውለት፣ ተማሪዎቹ በረኃብና በብርድ ተፈትነውለት፣ ዛሬም በየገዳሙና በየደብሩ በሥራ ላይ ይገኛል። በዚህ ጽሑፍ ለማስረዳት የምሻው ጥበቡ እንዴት እንደ ተገኘና እንዴት እንደሚሠራ ነው፤ ከዚያም አልፎ፣ ምልክቱን በብራና ላይ ስላገኘነው ብቻ ዜማውን አግኝተናል ብሎ መተኛት ምን ያህል አደገኛ እንደ ሆነ ለማመልከት ነው።

ድምፅን ማን ያስቀምጠዋል?

ከሰው ሥራ ሁሉ እንደ ድምፅ ፈጥኖ የሚጠፋ የለም። ሐውልት ያቆመ ሰው ቢሞት ሐውልቱ ይቀራል፤ ያዜመ ሰው ግን አፉን በዘጋ ጊዜ ሥራው ከፊቱ የለም። በሰባተኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ የነበረው የእስፓንያው ሊቅ፣ የሴቪያው ጳጳስ ኢሲዶር፣ ድምፅ ሊጻፍ የማይችል ነገር ስለ ሆነ በሰው ልብ ካልተያዘ በቀር ጨርሶ እንደሚጠፋ አስረድቶ ነበር። በአውሮጳ የቤተ ክርስቲያን ዜማ ምልክት በብራና ላይ መታየት የጀመረው ከእርሱ ሞት ሁለት መቶ ዓመት ያህል ቆይቶ ነው።

በኢትዮጵያ ትውፊት ደግሞ የዜማ አባት ቅዱስ ያሬድ የነበረው በስድስተኛው መቶ ዓመት፣ በንጉሡ በገብረ መስቀል ዘመን፣ በአክሱም ነው። ገድሉ እንደሚተርከው፣ ያሬድ በሕፃንነቱ ትምህርት አልገባው ብሎ፣ አጎቱና መምህሩ ጌዴዎን ቢቀጣው ከጉባኤው ኮብልሎ ሄደ፤ ከአንድ ዛፍ ሥር ተቀምጦ ሳለም አንድ ትል ፍሬውን ለመብላት ሲወጣ፣ ደጋግሞ ሲወድቅና በመጨረሻ ሲደርስ አይቶ፣ በልቡ ተጸጽቶ ወደ መምህሩ ተመለሰ። ከዚያ በኋላ ልቡናው በርቶለት፣ ከሰማያውያን ካህናት ማኅሌት ሰምቶ፣ ግዕዝ፣ ዕዝልና አራራይ የተባሉትን ሦስቱን የዜማ ስልቶች በአክሱም አሰማ ይባላል። ንጉሡና ካህኑ በዜማው ከመመሰጣቸው የተነሣ፣ የንጉሡ ጦር የያሬድን እግር ወግቶ ደሙ ሲፈስ ሁለቱም እንዳላወቁ የሚናገረውን ታሪክ የማያውቅ የቤተ ክርስቲያን ልጅ የለም። በመጨረሻም ያሬድ ንጉሡን ተሰናብቶ ወደ ስሜን ተራሮች ሄደ፤ በዓሉም ግንቦት 11 ቀን ይከበራል።

ይህን ታሪክ እዚህ የማነሣው ለጌጥ አይደለም። አገሩ ለዜማ አባትነት የመረጠው ሰው፣ መያዝ አቅቶት፣ የተማረውን እየረሳ የተገረፈ ልጅ መሆኑ አንድ ትልቅ ነገር ያስተምራል። የኢትዮጵያ ዜማ ታሪክ ከመጀመሪያው ገጹ ጀምሮ ስለ መርሳትና ስለ ማስታወስ የሚናገር ታሪክ ነው። ትውፊቱ ለያሬድ የሚሰጣቸው መጻሕፍት፣ ድጓ፣ ጾመ ድጓ፣ ምዕራፍ፣ ዝማሬና መዋሥዕት፣ ከዚያ ወዲህ ከአባት ወደ ልጅ፣ ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር በጆሮና በአፍ ተሻገሩ፤ ከቀደምት የዜማ ብራናዎች መካከል ንባቡ ብቻ ተጽፎባቸው ምልክት የሌላቸው መገኘታቸውም ዜማው በብራና ሳይሆን በሰው ላይ ተጽፎ እንደ ኖረ ይመሰክራል።

ከእሳት በኋላ የመጣ ጥበብ

በሰው ላይ የተጻፈ ነገር ግን ከሰው ጋር ይሞታል። በፈረንጆች አቆጣጠር ከ1529 እስከ 1543 በቆየው በኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ዘመቻ ብዙ አብያተ ክርስቲያናት ተቃጠሉ፤ መጻሕፍት ዐመድ ሆኑ፤ ከመጻሕፍቱ ይልቅ የሚያሳዝነው ግን መጽሐፍ ባይኖር እንኳ ዜማውን በቃላቸው ሊመልሱት ይችሉ የነበሩ ካህናት ማለቃቸው ነበር። አንድ ድጓ ቢቃጠል ሌላ ድጓ ይጻፋል፤ ድጓውን የሚያዜመው መምህር ከነደቀ መዛሙርቱ ቢያልቅ ግን ማን ያጽፈዋል?

ትውፊቱ እንደሚነግረን የዜማ ምልክት የተደራጀው ከዚህ ጥፋት ወዲያው በኋላ፣ ከ1540 እስከ 1559 በነገሡት በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን ነው። በአማራ ሳይንት በምትገኘው በታላቋ ደብር በተድባበ ማርያም የነበሩ ሁለት ሊቃውንት፣ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል፣ የተረፈውን ዜማ ሰብስበው፣ በየቃሉ ላይ ምልክት እየጣሉ፣ ለተማሪ እንደሚመች አድርገው ሠሩት ይባላል። እነዚህ ሰዎች መጽሐፉን ብቻ አላተረፉም። መምህር በሞተ ቁጥር አገሩ ሁሉ መካን እንዳይሆን በመፍራት፣ ለማስታወስ የሚረዳ ብልሃትን ሥርዓት አድርገው ለትውልድ አስረከቡ። ምልክቱ የተወለደው ከሰላም ሳይሆን ከመርሳት ፍርሃት ነው ማለት ይቻላል፤ ፍርሃቱም ከንቱ አልነበረም።

ምልክቱ እንዴት ይሠራል

የዜማ ምልክት ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው የቅርጽ ምልክት ሲሆን፣ መምህራን ስምንት አድርገው ይቈጥሩታል፤ ይዘት፣ ደረት፣ ርክርክ፣ ድፋት፣ ጭረት፣ ቅናት፣ ሂደት፣ ቁርጥ። በኋላ ድርስና አንብር ተጨምረው ዐሥር ሆነዋል። ስሞቹ ሥራቸውን ያዝዛሉ፤ በነጥብ የሚታየው ይዘት ድምፁን ያዝ ያደርጋል፤ በጎበጠ መሥመር የሚሣለው ድፋት ድምፁን ወደ ታች ይደፋዋል፤ ተደጋጋሚ ነጥብ የሆነው ርክርክ ድምፁን ያንቀጠቅጠዋል፤ ደረት ከደረት የሚወጣ ወፍራም ድምፅን ይጠይቃል፤ ሂደት ያስኬዳል፤ ቁርጥ ይቈርጣል። ሊቃውንቱ በዚህ ላይ ምስጢር ጨምረው፣ ምልክቶቹን ከጌታ ሕማማት ጋር አያይዘው ያመሠጥሯቸዋል፤ ይዘት መያዙን፣ ሂደት ከአደባባይ ወደ አደባባይ መወሰዱን፣ ጭረት የግርፋቱን ሰንበር፣ ርክርክ የደሙን መንጠባጠብ እንዲያሳስብ። ይህ ምሥጢር ለአምልኮ ብቻ አይጠቅምም፤ ተማሪው ምልክቱን በዓይኑ ሲያይ፣ በጕሮሮው ሲያዜምና በልቡ ሕማሙን ሲያስብ፣ አንዱ ነገር በሦስት መንገድ ይያዝለታልና በቀላሉ አያመልጠውም።

ሁለተኛውና ከባዱ የፊደል ምልክት ነው። ይህኛው በመቶ የሚቈጠር ሲሆን፣ ውስጡ ያለውን ብልሃት በዝግታ መረዳት ያስፈልጋል። ተማሪው በመጀመሪያ የትምህርት ዘመኑ እጅግ የታወቁ ዜማዎችን ከነቃላቸው በአፉ ያጠናል። ከእነዚህም በአንዱ ውስጥ ያለች አንዲት ሐረግ የራስዋ የሆነ አካሄድ አላት፤ ትነሣለች፣ ትወርዳለች፣ ትንቀጠቀጣለች፣ ትቈረጣለች። ያን አካሄድ የሚመስል አካሄድ በሌላ በዓል፣ በሌላ ቃል ላይ ሲመጣ፣ ጸሐፊው የዚያችን የታወቀች ሐረግ አንድ ወይም ሁለት ወይም ሦስት ሆሄ ነጥቆ ከአዲሱ ቃል በላይ ያሰፍረዋል። ዘማሪውም ሆሄዎቹን ባየ ጊዜ ሐረጊቱ ትዝ ትለዋለች፤ ሐረጊቱ ትዝ ስትለው ዜማዋ ይመጣል፤ ዜማዋን ከፊቱ ባለው ቃል ላይ ያለብሰዋል። ይህ ሁሉ የሚፈጸመው ዓይን ከአንድ ቃል ወደ ሌላ ቃል እስኪሻገር ባለው ቅጽበት ነው።

እንግዲህ ልብ እንበል። ይህ ምልክት የድምፁን ከፍታ አይለካም፤ ርዝመቱንም አይቈጥርም። ዜማውን ቀድሞ ያልተማረ ሰው ቢያየው ዲዳ ነው። በኢጣልያ የአሬጾው መነኩሴ ጕይዶ በዐሥራ አንደኛው መቶ ዓመት የድምፅን ከፍታ በመሥመሮች ላይ ለክቶ ካሳየ ወዲህ፣ የአውሮጳ ዘማሪ ሰምቶት የማያውቀውን ዜማ ከወረቀት አንብቦ ለማዜም ቻለ። ከእርሱ በፊት የነበረው የአውሮጳ ምልክት ግን እንደ እኛው ለሚያውቅ ሰው የሚያሳስብ እንጂ ላላወቀ የሚያስተምር አልነበረም። ይህን አይቶ የአገራችን ምልክት ሳያድግ ቀረ የሚል ቢኖር ነገሩን በጥልቀት አላየውም። የአሬጾው ሥርዓት ዘማሪውን ከመምህሩ ነፃ አወጣው፤ የተድባበ ማርያም ሥርዓት ዘማሪውን ከመምህሩ ጋር አሰረው። የትኛው እንደሚሻል የሚፈረደው ከዜማው ጋር ሊተላለፍ የሚፈለገው ነገር ምን እንደ ሆነ ታውቆ ነው፤ ከዜማው ጋር ጸሎቱ፣ ጾሙ፣ ትሕትናውና ሥርዓቱ አብሮ ይተላለፍ ዘንድ ለሚፈልግ፣ ያለ መምህር የማይከፈት መጽሐፍ ጉድለት ሳይሆን ጥበቃ ነው።

በየኔታ ፊት

በጋይንት አገር፣ ቤተ ልሔም የድጓ ማስመስከሪያ፣ ማለትም መመረቂያ፣ ሆና በምትታወቅበት በዚያ ደጋ፣ ከአንድ የዜማ ጉባኤ ቤት አጠገብ ያደረ ሰው ሌሊቱ ገና ሳይነጋ የሚሰማው ድምፅ ከየጎጆው የሚወጣው የተማሪዎች ጕርምርምታ ነው። ጎጆዎቹን ተማሪዎቹ ራሳቸው የሠሯቸው ናቸው፤ ቁመታቸው ጎንበስ ብሎ ለሚገባ፣ ስፋታቸውም እግሩን አጥፎ ለሚተኛ ይበቃል። ቀን ደበሎአቸውን ለብሰው፣ አኮፋዳቸውን አንግተው፣ በእንተ ስማ ለማርያም እያሉ ከየደጁ ቁራሽ የለመኑት ልጆች፣ ሌሊት እሳት ዳር ከብበው በጨለማ የቃል ትምህርታቸውን ይወጣሉ፤ መጽሐፍ በሌለበት ጨለማ የተያዘ ነገር ከዓይን ጋር ስላልተቈራኘ ከልብ አይነቀልም ይላሉ መምህራኑ።

የኔታ በአጎዛ ላይ ተቀምጠዋል። ዓይናቸው ከጠፋ ብዙ ዘመን ሆኖአል፤ በፊታቸው አትሮንስም መጽሐፍም የለም፤ መቋሚያቸው ብቻ በጕልበታቸው ላይ ተጋድሞአል። ከፊታቸው የተንበረከከው ልጅ በገዛ እጁ የጻፈውን ብራና ዘርግቶ፣ ጣቱን በምልክቱ ሥር እያስኬደ ያዜማል። በሦስተኛው መሥመር ላይ የኔታ መቋሚያቸውን መሬት መታ አደረጉ።

«ተመለስ፤ ከራስዋ ጀምረህ በላት።»

ልጁ ተመልሶ አዜመ። መቋሚያው እንደ ገና መሬት መታ።

«ርክርኳን ዘለልሃት፤ በድፋት ብቻ ጨረስሃት።»

«የኔታ፣ እዚህ ላይ ያለው ድፋት ብቻ ነው» አለ ልጁ፣ ዓይኑን ከብራናው ሳያነሣ።

«ማን ጻፈው?»

«እኔ ነኝ የኔታ፤ ከጓደኛዬ መጽሐፍ ገልብጬ።»

«እንግዲያስ አንተም ጓደኛህም አርሙት። ቢላዋህን አምጣና ፍቀው፤ ርክርኩን ከድፋቱ በፊት ጣልበት። አሁን ስማኝ፤ ከእኔ በኋላ በላት።»

የኔታ አዜሙ፤ ልጁም ተከተላቸው፤ አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ፣ ድምፁ ከድምፃቸው ጋር እስኪገጥም ድረስ። ከዚያ በኋላ ልጁ ወደ ዳር ዞር ብሎ፣ ብራናውን በጥንቃቄ ፍቆ፣ ነጥቦቹን በመቃ ብዕሩ ከየኔታ ቃል ጻፋቸው።

በዚህች አጭር ነገር ውስጥ የጥበቡ ፍሬ ነገር ሁሉ ተጠቃልሎ ይገኛል። ብራናው ዓይናማውን ልጅ አሳስቶት ነበር፤ ዓይነ ስውሩ መምህር ብራናውን አረሙት። መጽሐፉ መምህሩን ይረዳል፤ ነገር ግን መጽሐፉ ሲሳሳት የሚዳኘው መምህሩ ነው። በአገራችን ዓይናቸው ሳያይ ጉባኤ ዘርግተው፣ ስንት ተማሪ አስመርቀው ያለፉ ሊቃውንት መኖራቸው የሚያስገርመን የዜማው መዝገብ በብራና ላይ ያለ ስለሚመስለን ነው፤ መዝገቡ በልቡና መሆኑን ላወቀ ግን የሚጠበቅ ነገር ነው።

ተማሪ ከማስመስከሩ በፊት የራሱን ድጓ በእጁ እንዲጽፍ የሚያዘው የቆየ ልማድም ከዚሁ የመነጨ ነው። ሲጽፍ ያያል፤ ሲያይ ያዜማል፤ ሲያዜም ይታረማል። መጽሐፉ ተጽፎ ሲያልቅ ልጁም ተጽፎ ያልቃል። ከዚያ በኋላ መጽሐፉ ቢጠፋው ከልቡ አውጥቶ ሌላ ሊጽፍ ይችላል።

ሰውነት የሚያስታውሰው

የማስታወስ ሥራ በጕሮሮና በጆሮ ብቻ አያበቃም። ዜማውን የጨረሰ ተማሪ ወደ አቋቋም ቤት ሲሻገር ያንኑ ዜማ በእግሩ፣ በእጁና በወገቡ እንደ ገና ይማረዋል። መጀመሪያ በቁም ዜማ፣ ያለ መሣሪያ፤ ከዚያ በዝማሜ፣ መቋሚያ እየዘመመ፤ ቀጥሎ በመረግድ፣ ከበሮና ጸናጽል እየተመታ፤ በመጨረሻም በጽፋት፣ ጭብጨባው እየፈጠነ ይሄዳል። ከዜማው መሃል አንድ ቃል ቢጠፋው፣ መቋሚያው የተዘመመበት ጎን፣ ከበሮው የተመታበት ቦታ ያስታውሰዋል። በበዓለ ንግሥ ማኅሌት የቆመ አንድ አረጋዊ ካህን፣ ሌላ ጊዜ የትናንት ነገር የሚረሳ ሆኖ ሳለ፣ ጸናጽሉን በጨበጠ ጊዜ የሌሊቱን ቃል ያለ አንዳች መሰናክል ሲያወርደው ያየ ሰው፣ ትዝታ በጭንቅላት ብቻ እንደማይኖር ይረዳል።

የዜማው ጊዜም ራሱ አስታዋሽ ነው። ድጓ በዘመን ተከፍሎአል፤ ከመስከረም የሚጀምረው ዮሐንስ፣ ቀጥሎ አስተምሕሮ፣ ከትንሣኤ በኋላ ያለው ደግሞ ፋሲካ ይባላል፤ ዐቢይ ጾም የራሱ ጾመ ድጓ አለው። ስለዚህ የመስከረም አበባና የወንዙ መጕደል አንዱን ዜማ፣ የጾሙ ቀትር ሌላውን ይጠራል። አንድ ዜማ በዓመት አንድ ጊዜ ብቻ ቢዜምም፣ ዓመቱ ዞሮ ወቅቱ ሲደርስ ከተቀመጠበት ይነሣል።

ይህ ጥበብ ግን በአገሩ ሁሉ አንድ መልክ የለውም። በድጓ የቤተ ልሔም፣ የአጫብር፣ የቆማና የትግሬ ስልት ይለያያል፤ በአቋቋም የጎንደር ላይ ቤት፣ ታች ቤትና ተክሌ የየራሳቸው አካሄድ አላቸው፤ ዝማሬና መዋሥዕት ለመማር ወደ ዙር አምባ ይኬዳል፤ ለቅዳሴ ሰሌልኩላና ደብረ ዓባይ የየራሳቸው ስም አላቸው። በአንዱ ምልክት ላይ የቤተ ልሔሙና የአጫብሩ ዘማሪ የሚያሰሙት ድምፅ አንድ ባይሆን ብራናው አልዋሸም፤ ሁለቱም በልባቸው ያለውን ቀሰቀሰላቸው፤ በልባቸው የነበረው ግን የየመምህራቸው ነው። እንግዲህ አንድ የዜማ ቤት ሲዘጋ፣ ብራናው በሌላ ቦታ ቢኖርም፣ ያ ስልት ለዘላለም ይጠፋል ማለት ነው።

ያለ ምልክት የተጠበቀ ዜማ

ምልክት ከሌለ ትዝታ አይቆምም እንዳይባል፣ በዚያው በሰሜኑ አገር የኖሩት የቤተ እስራኤል ቄሶች የግዕዝ ጸሎታቸውንና ዜማቸውን ያለ ምንም የዜማ ምልክት፣ በቃልና በጆሮ ብቻ ጠብቀው እስከ ዘመናችን አድርሰውታል። በፈረንጆች አቆጣጠር በ1984ና በ1985፣ እንደ ገናም በ1991 ብዙ ሺህ ወገኖች ወደ እስራኤል ሲሄዱ፣ ዜማው ብራና ሳይሆን ሰው ሆኖ ተጓዘ። አሜሪካዊቱ የሙዚቃ ታሪክ ሊቅ ኬይ ካውፍማን ሸለመይ በ1986 ባሳተሙት መጽሐፍ የቤተ እስራኤልን ዜማ ከኦርቶዶክሳዊው ዜማ ጋር አነጻጽረው ዝምድናቸውን አሳይተዋል። ቄሶቹ ዛሬ በእስራኤል በየበዓሉ የሚያዜሙት ያ ዜማ የሚቀጥለው ልጆች ከአባቶች አጠገብ ቆመው የሚሰሙበት ጊዜና ቦታ እስካላቸው ድረስ ነው።

እኚሁ ሊቅ ከፒተር ጄፍሪ ጋር ሆነው ከ1993 እስከ 1997 ባሉት ዓመታት በሦስት ጥራዝ ያሳተሙት የኢትዮጵያ ክርስቲያናዊ ዜማ መድበል ደግሞ፣ የጥንት ብራናዎችንና የዘመኑን ዘማሪ ድምፅ ጎን ለጎን አቅርቦ፣ ምልክቱ በየትውልዱ እየተብራራና እየበዛ መምጣቱን አሳይቶአል። ይህ ለእኔ ታላቅ ነገር ነው። ምልክቱ የቆመ ነገር ቢሆን ኖሮ ከመጀመሪያው ጸሐፊ ቀለም አይጨምርም ነበር፤ መምህራን በየዘመኑ፣ ተማሪ የሚስትበትን ቦታ አይተው፣ እዚያ ቦታ ላይ ምልክት ይጥላሉ፤ ስለዚህ አንድ ብራና የብዙ መቶ ዓመት የማስተማር ድካም የተመዘገበበት መዝገብ ነው።

ቁልፍ ሳይሆን ቤቱ

በፈረንጆች አቆጣጠር በ1973 የተጀመረው የኢትዮጵያ የብራና መጻሕፍት ማይክሮፊልም ሥራ በየገዳሙና በየደብሩ የነበሩ በሺህ የሚቈጠሩ መጻሕፍትን ሥዕል አንሥቶ፣ ቅጂያቸውን በአሜሪካ በሚኒሶታ ግዛት አኑሮአል፤ ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ለብዙ ዓመታት በዚያ ተቀምጠው መጻሕፍቱን በመመርመርና ዝርዝራቸውን በማዘጋጀት ያደረጉት አገልግሎት ለአገር የተከፈለ ትልቅ ዋጋ ነው። ድጓም በትንሣኤ ዘጉባኤ ማተሚያ ቤት ታትሞ በየሰው እጅ ገብቶአል። በ2005 ደግሞ ዐሥር የዜማ ምልክቶች በዓለም አቀፉ የኮምፒዩተር ፊደል ሥርዓት በዩኒኮድ ውስጥ ቦታ አግኝተዋል፤ ዛሬ ማንም ሰው ርክርክንና ቅናትን በስልኩ ሊጽፍ ይችላል። በዋሽንግተን አካባቢና በአውሮጳ ከተሞች የሚያገለግሉ ዲያቆናትም የተቀረጸ ድምፅ እያዳመጡ ዜማ ያጠናሉ። ይህ ሁሉ መልካም ነው፤ ሊመሰገንም ይገባዋል።

ነገር ግን እስካሁን በተናገርሁት ሁሉ ላይ ቆሜ ግልጹን እናገራለሁ። ምልክት ቁልፍ ነው፤ ቤቱ በመምህሩ ልቡና ውስጥ የተሠራው ዜማ ነው። ቁልፉን በወርቅ ሣጥን ብናኖረው፣ በብዙ ሺህ ብናባዛው፣ በየስልኩ ብናስገባው፣ ቤቱ ፈርሶ ከተገኘ የምንከፍተው ነገር የለም። የተቀረጸ ድምፅም ቢሆን አንድ መምህር በአንድ ቀን ያዜመውን ብቻ ይይዛል፤ የሚሰማው ልጅ ቢስት መቋሚያውን መሬት መትቶ «ርክርኳን ዘለልሃት» የሚለው አያገኝም። የዜማ ትምህርት ፍሬው ማረም ነውና፣ የማያርም ነገር መምህር ሊባል አይችልም።

ዛሬ የዜማ ጉባኤ ቤቶች የሚጎድላቸው ምን እንደ ሆነ የሚያውቅ ሁሉ ያውቃል። መምህሩ ዕድሜውን ሙሉ ሲያስተምር ኖሮ በእርጅናው የሚደግፈው ገቢ የለውም፤ ተማሪው በቁራሽ መኖር በማይቻልበት ዘመን በቁራሽ ይኖራል፤ ገበሬው ራሱ ሲቸገር ለተማሪ የሚሰጠው ይቀንሳል፤ ዓመታት የሚጠይቀው ትምህርት ከአጫጭር ትምህርቶች ጋር ሲነጻጸር ለወጣቱ የሩቅ ተስፋ ሆኖ ይታየዋል። ጸጥታ በሚናጋበት ጊዜ ደግሞ መንገዱ ሲዘጋ፣ ከጎጃም ወደ ጋይንት፣ ከትግራይ ወደ ጎንደር እየተሻገረ ስልት ከስልት ሲያነጻጽር የኖረው ተማሪ በየአገሩ ይቀራል።

ስለዚህ ብራና ለማዳን የሚወጣው ገንዘብና ጉልበት ለጉባኤ ቤትም ይውጣ። አንድ ብራና ሥዕሉ በሚነሣበት ደብር፣ ያን ብራና የሚያዜም መምህር ካለ፣ ለእርሱ የዓመት ቀለብና ለተማሪዎቹ የክረምት መጠለያ አብሮ ይቁረጥ። የተቀረጸ ድምፅ ሲሰበሰብ፣ የመምህሩ ዜማ ብቻ ሳይሆን መምህሩ ተማሪውን ሲያርም ያለው ጉባኤ ሁሉ ይቀረጽ፤ ስሕተቱ የት እንደሚመጣና እንዴት እንደሚታረም ሲታወቅ ነው ስልቱ የሚታወቀው። በባሕር ማዶ ያሉ ምእመናን ለአብያተ ክርስቲያናቸው መምህር ከአገር ሲያስመጡ፣ መምህሩ የተነሣበት ጉባኤ ቤት ባዶ እንዳይቀር በምትኩ የሚያስተምር ተተኪ ያስተምሩ።

አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ምልክቱን የሠሩት ካህናት ባለቁበት፣ ደብሮች በተቃጠሉበት ዘመን ነበር። ምልክቱን ሠርተው ብቻ አልተቀመጡም፤ ትውፊቱ እንደሚያስረዳን ወንበር ዘርግተው ተማሪ ሰበሰቡ፤ ምልክቱን ለልብ፣ ልብንም ለምልክቱ አስረከቡ። ከእነርሱ ወዲህ ባለፉት አራት መቶ ከሚበልጡ ዓመታት ጥበቡ የኖረው ሁለቱ ሳይለያዩ ስለ ኖሩ ነው። የእኛ ትውልድ ካለፉት ሁሉ የሚበልጥ የማከማቻ መሣሪያ አግኝቶአል፤ በዚህ መሣሪያ ተደላድሎ መምህሩን ከረሳ ግን ካለፉት ሁሉ ይልቅ ብዙ የሚያጠፋ እርሱ ይሆናል፤ መምህሩን አስቦ፣ ተማሪውን መግቦ፣ ወንበሩን ከዘረጋ ደግሞ ከጥፋት በኋላ የተነሡት የሁለቱ ሊቃውንት እውነተኛ ወራሽ ይሆናል።